ፈረሱን ተከራያችሁት፤ ፈረሰኛውንስ?

ወዳጆቼ፣ የቀድሞ ተማሪዎቼ፣ ዛሬ ረዘም ያለ ነገር ነው የምጽፈው። ዳታ የሚቆጥር ሰው ሴቭ አድርጎ ማታ ያንብበው። የሚያናድደው ሰው ካለም እስከ መጨረሻው አንብቦ ይናደድ።

ባለፈው ሳምንት ክፍል ውስጥ ስለ ዓድዋ ሳስተምር አንድ ልጅ እጁን አወጣና «ቲቸር፣ ዓድዋ ላይ ክላሽ ነበር እንዴ?» አለኝ። ክፍሉ በሳቅ ፈረሰ። እኔ ግን ሳቄ አልመጣም፤ ምክንያቱም ልጁ እየቀለደ አልነበረም። «የት አየህ?» ስለው «ፊልም ላይ» አለኝ። የዓድዋ ጦርነት የካቲት 23 ቀን 1888 ዓ.ም. ነው። ክላሽ የሚባለው መሣሪያ የተሠራው ከዚያ በኋላ ሃምሳ ዓመት አልፎ ነው። ይህንን ነገርኩት፤ ደብተሩ ላይም ጻፈው። ግን እውነቱን እንነጋገር። እኔ ያለኝ የአርባ ደቂቃ ክፍለ ጊዜና ጠመኔ ነው። ፊልሙ ሙዚቃ አለው፣ ፈረስ አለው፣ ደም አለው፣ ዩቲዩብ ላይ ደግሞ ሌሊትም ቀንም አለ። ማን እንደሚያሸንፍ ለመገመት ነቢይ መሆን አያስፈልግም።

በዚያው ሳምንት አንድ የቀድሞ ተማሪዬ የተዋናይ ማስታወቂያ ስክሪንሾት አድርጎ ላከልኝ። ታሪካዊ ተከታታይ ድራማ ሊሠራ ነው። ለዋና ገጸ ባሕርያት ቁመናው ያማረ፣ ካሜራ የማይፈራ፣ ልምድ ያለው ይላል። ወረድ ብሎ «ለክራውድ» የሚል አለ፤ ፈረስ መጋለብ የሚችል ቢሆን ይመረጣል፣ ፈረስ ያለው ፈረሱን ይዞ ቢመጣ ደግሞ በጣም ይመረጣል። ልጁ «ቲቸር፣ ልሂድ ወይስ ይቅርብኝ?» ብሎ ጠየቀኝ። መልሱን መጨረሻ ላይ እነግራችኋለሁ። መጀመሪያ ይህ ማስታወቂያ ለምን እንቅልፍ እንደነሳኝ ልንገራችሁ።

እኔ የማስተምረው አዊ ውስጥ ነው። አዊን የማታውቁ ካላችሁ ጥር 23 ቀን እንጅባራ ኑና እዩ። የአገው ፈረሰኞች ማኅበር ከሰማንያ ዓመት በላይ ዕድሜ ያለው ማኅበር ነው። ማኅበሩም በዓሉም ከዓድዋ ጋር የተያያዙ ናቸው፤ ዓድዋ ዘምተው ለቀሩትና ለተመለሱት፣ ለሰዎቹም ለፈረሶቹም መታሰቢያ ነው። እዚያ ቀን ሜዳው ላይ የሚታየውን ፈረሰኛ ማንም የፊልም ትምህርት ቤት አላሠለጠነውም። አባቱ ነው ያሠለጠነው። ሶምሶማውን፣ ሽምጡን፣ ጉግሱን፣ ከፈረስ ጋር መነጋገሩን ከልጅነቱ ጀምሮ በገላው ነው የተማረው።

ፈረንጆቹ ይህን ዓይነት ሰው ሪኢናክተር ይሉታል። የድሮ ጦርነትን ወይም የድሮ ኑሮን ልብሱን ለብሶ፣ መሣሪያውን ይዞ፣ እንደዚያ ዘመን ሰው እየሄደና እየበላ መልሶ የሚያሳይ ሰው ማለት ነው። እነሱ ዘንድ ብዙው ሰው ከመጽሐፍ አጥንቶ የሚይዘው ነገር ነው። እኛ ዘንድ ግን ያልተቋረጠ ውርስ አለ። የካቲት 23 ምኒልክ አደባባይ የሚወጡት አርበኞችና ልጆቻቸው፣ ከ2006 ዓ.ም. ጀምሮ ከአዲስ አበባ ዓድዋ ድረስ በእግራቸው የተጓዙት የጉዞ ዓድዋ ልጆች፣ እንጅባራ ላይ የሚጋልቡት ፈረሰኞች ሁሉ በየፊናቸው ታሪክን በአካል የሚይዙ ሰዎች ናቸው። ታዲያ ፊልም ሠሪዎቻችን እነዚህን ሰዎች ምን ያደርጓቸዋል? ክራውድ!

አሁን ያየሁትን ልናገር። የፊልሙንም የድርጅቱንም ስም አልጠራም፤ ጉዳዩ ከአንድ ድርጅት በላይ ስለሆነ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት አንድ የፊልም ቡድን ወደ እኛ አካባቢ መጣ። ታሪኩ የዓድዋ ዘመን ነው። ፈረስ ፈለጉ፣ ፈረሰኛም ፈለጉ። ከመጡት ፈረሰኞች አንዱ እኔ በደንብ የማውቃቸው ሽማግሌ ናቸው። አንድ ባላባት ብዙ ቀን ተጉዞ ከጦር ሰፈር የሚገባበት ትዕይንት ነበር። ዳይሬክተሩ ባላባቱን ፈረስ ላይ አውጥቶ በሽምጥ እንዲገባ አዘዘ። ሽማግሌው ቀረብ ብለው «ልጄ፣ ጌታ እኮ መንገድ በበቅሎ ነው የሚሄድ። ፈረሱን አሽከር እየሳበ ይከተለዋል። ፈረስ የሚወጣው ለጦርነቱ ነው» አሉት። እውነታቸውን ነው። ፈረስ ለውጊያ ይጠበቃል፣ ጉዞ የበቅሎ ነው። ይህን የዚያ ዘመን ጽሑፍ ያነበበ ሁሉ ያውቀዋል። የዳይሬክተሩ መልስ ምን ነበር መሰላችሁ? «ፋዘር፣ ሰው በቅሎ ማየት አይፈልግም።»

ሁለተኛው ነገር ከዚህ የባሰ ነው። ዋናው ተዋናይ ወፍራም ቡትስ ጫማ አድርጓል። ኮርቻው የሽማግሌው ነው፤ እርካቡ የድሮው ዓይነት፣ አውራ ጣት ብቻ የሚገባበት ትንሽ ቀለበት። ሽማግሌው «ጫማህን አውልቅ» አሉት። «ኮስትዩም ነው፣ አይወልቅም» ተባሉ። ልጁ የጫማውን አፍንጫ እንደምንም እርካቡ ውስጥ ወተፈው። ግማሽ ሰዓት ያህል ብቻ ነው የተለማመደው። ፈረሱ በተኩስ ድምፅ ደነገጠ፣ ልጁ ወደቀ፣ ጫማው እርካቡ ውስጥ ተቀርቅሮ ጎተተው። የሽማግሌው የልጅ ልጅ ሮጦ ልጓሙን ባይዘው ኖሮ ዛሬ ሌላ ነገር ነበር የምጽፈው። ክንዱ ተሰብሮ ሄደ።

ልብ በሉ! በ1888 ዓ.ም. አብዛኛው የኢትዮጵያ ሠራዊት ባዶ እግሩን ነበር። እርካቡም የተሠራው ለባዶ እግር ነው። ሽማግሌው «ጫማህን አውልቅ» ሲሉት ለታሪኩም ለልጁ ክንድም ነበር የተናገሩት። ትክክለኛው ነገርና የማይሰብረው ነገር አንድ ነበሩ። ግን «ፋዘር» ማን ይሰማዋል?

የቀኑ መጨረሻ ላይ ክፍያ ሆነ። የፈረሱ ኪራይ ከፈረሰኛው አበል ይበልጥ ነበር። ፊልሙ ሲወጣ መጨረሻ ላይ የሚያልፈውን ስም ዝርዝር ቁጭ ብዬ አነበብኩት። የድሮን ኦፕሬተሩ አለ፣ ምሳ ያቀረበው ሆቴል አለ፣ የአንዱ ፈረሰኛ ስም ግን የለም።

ይሄ ነው የኔ ክስ። አልባሳቱ ተሳሳተ፣ ጠመንጃው ተሳሳተ ብዬ ብቻ አይደለም የምከሰው። እሱን ማንም ኮሜንት ላይ ይጽፈዋል። እኔ የምለው፣ የሚያውቀው ሰው እዚያው ቆሞ ነበር፤ እናንተ ፈረሱን ተከራይታችሁ እውቀቱን ሜዳ ላይ ጥላችሁት ሄዳችሁ ነው።

አንዳንዱ «ቲቸር ደግሞ ጥቃቅን ነገር ትለቅማለህ» ይለኛል። ጥቃቅን ነገር አይደለም። ትወና ማለት ገላ ነው። የታሪክ እውቀት ለተዋናይ ምን እንደሚሰጠው በሦስት ነገር ላሳያችሁ።

አንደኛ ሸማ። የኛ ሰው በሸማው ይናገራል። ጌታው ፊት ሲቆም ወገቡ ላይ ታጥቆ ያደገድጋል። ለቅሶ ላይ ነጠላው ይዘቀዘቃል፣ ጥለቱ ወደ ላይ ይሆናል። ቤተ ክርስቲያን ሲገባ መስቀለኛ ያጣፋል። እናቶቻችን አንዲት ሴት መንገድ ላይ ስታልፍ ነጠላዋን አይተው «ሐዘን ላይ ናት» ይላሉ፤ አንድ ቃል ሳትተነፍስ። በፊልሞቻችን ግን ንጉሡም አሽከሩም፣ ሐዘንተኛውም ሰርገኛውም አንድ ዓይነት ጣል አድርገውት ነው የሚዞሩት። ተዋናዩ ንጉሥ ፊት ሲቀርብ ሸማውን ሲያደገድግ ብናየው፣ «ጃንሆይ፣ እኔ እርስዎን እፈራለሁ» የሚል ዲያሎግ መጻፍ አያስፈልግም ነበር። ሁለት መስመር ስክሪፕት ይተርፋል።

ሁለተኛ ጠመንጃ። ዓድዋ ላይ ከነበሩት ጠመንጃዎች አንዱ ውጅግራ ነው። ስሙ ከፈረንሳይኛው «ፉዚል ግራ» የመጣ ነው፤ የ1874 እ.ኤ.አ. ሞዴል። አንድ ጥይት ነው የሚጎርሰው። ተኩሰህ፣ ከፍተህ፣ ከዝናርህ ሌላ አውጥተህ፣ አጉርሰህ፣ ዘግተህ ነው እንደገና የምትተኩሰው። ባሩዱ ደግሞ ጥቁር ባሩድ ስለሆነ ነጭ ጭስ ይተፋል፤ ያለህበትን ለጠላት ያሳብቃል። ጥይት ያኔ ብርቅ ነው፤ በአንዳንድ ገበያማ እንደ ገንዘብም ያገለግል ነበር። ይህን የሚያውቅ ተዋናይ እንዴት ይተኩሳል? እያሰበ! እያንዳንዱ ጥይት ይቆጨዋል። ከተኮሰ በኋላ እስኪያጎርስ ድረስ ያለችው ቅጽበት ትንሽ ሞት ናት። ጦርና ጎራዴ ለምን እንዳልተጣሉም ያኔ ይገባሃል። አሁን የምናየው ግን ምንድነው? ቆሞ ዟ ዟ ዟ እያደረገ የሚያርከፈክፍ ጀግና። ፍርሃት የለም፣ ስሌት የለም። ፍርሃት ከሌለ ደግሞ ጀግንነቱ የቱ ጋ ነው?

ሦስተኛ ፉከራ። ይህንን ከራሴ ስህተት ልጀምር። መምህር ሆኜ በጀመርኩበት ሰሞን ለዓድዋ በዓል የትምህርት ቤቱ ክበብ ድራማ አዘጋጅቶ ነበር፤ አዘጋጁ እኔ። ሃያ ምናምን ተማሪዎች ከካርቶንና ከጆንያ ጎፈር ሠርተን ሁሉንም ጎፈር አደረግናቸው። ከላይ የነገርኳችሁን ሽማግሌ በእንግድነት ጠርቼ ነበር። ልምምዱን አይተው ሲያበቁ ጎንበስ ብለው «ይኼን ሁሉ አንበሳ ማን ገደለው?» አሉኝ። አፈርኩ። የአንበሳ ጎፈር ማንም ተነሥቶ የሚደፋው አልነበረም፤ የማዕረግና የጀግንነት ምልክት ነው። ሁሉም ካደረገው ማንም አላደረገውም ማለት ነው።

ከዚያ አንድ ዓይን አፋር ልጅ ፉከራ ሊያሰማ ተነሣና ከመጀመሪያው ቃል ጀምሮ ጉሮሮው እስኪሰነጠቅ ጮኸ። ሽማግሌው አስቆሙት። «አትጩህ። መጀመሪያ ሰውየውን እየው» አሉት። «የቱን ሰውዬ?» አለ ልጁ። «የምትፎክርለትን። ፉከራ ለአየር አይደለም። ጌታህ ፊት ቆመህ ይህን አድርጌያለሁ ወይም ይህን አደርጋለሁ ብለህ የምትምለው ነው። ዋሽተህ ከፎከርክ ሲያዩህ የነበሩ ጓደኞችህ እዚያው ቆመዋል።» ከዚያ ራሳቸው አሳዩት። ለረጅም ጊዜ ዝም አሉ። ሸማቸውን አላሉ። ወዲያና ወዲህ ሁለት ጊዜ ተንጎራደዱ። ድምፃቸው ከታች ነው የተነሣው። ክፍሉ ጸጥ አለ። ልጁ በሳምንቱ ሲሠራው ርዕሰ መምህሩ ወንበራቸው ላይ መቀመጥ አቃታቸው። አንድ ከሰዓት በኋላ ብቻ ነው የፈጀው። አንድ ከሰዓት! ወጪው ቡና ነበር።

እንግዲህ ያን ዕለት የገባኝ ይህ ነው። ሽማግሌው ለልጁ «የታሪክ መረጃ» አልሰጡትም። ትወና ነው ያስተማሩት። የሚናገረው ለማን እንደሆነ፣ ቢዋሽ ምን እንደሚያጣ፣ ዝምታውን የት እንደሚያኖር። ይህ እውቀት በየትኛውም የአክቲንግ ኮርስ ላይ የለም፤ እኛ ቀዬ ግን አጥር ተደግፎ ቁጭ ብሏል።

ሌላው ዓለም ምን ያደርጋል ብትሉኝ፣ ሦስት ምሳሌ በቂ ነው።

አኪራ ኩሮሳዋ «ሰባቱ ሳሙራይ»ን (1954 እ.ኤ.አ.) ሲሠራ የሰይፍ ፍልሚያውን ያዘጋጁት ዮሺዮ ሱጊኖ የሚባሉ የጥንታዊ የሰይፍ ትምህርት ቤት መምህር ናቸው። ፊልሙ ላይ ያን ዝምተኛውን ሰይፈኛ ያየ ሰው ምን እንደምል ይገባዋል። ሰውየው ብዙ አይንቀሳቀስም። አቋቋሙ ብቻ ያስፈራል።

«ዳንስስ ዊዝ ዉልቭስ» (1990 እ.ኤ.አ.) ሲሠራ ንግግሩን ወደ ላኮታ ቋንቋ የመለሰችውና ተዋንያኑን ያስተማረችው ዶሪስ ሊደር ቻርጅ የምትባል የቋንቋው መምህርት ናት። በፊልሙ ውስጥም ራሷ ተውናለች። መምህርት! (ይሄን ሳውቅ ትንሽ ኩራት ተሰምቶኛል፣ አልደብቃችሁም።)

«ጌቲስበርግ» (1993 እ.ኤ.አ.) ደግሞ የአሜሪካ የእርስ በርስ ጦርነት ፊልም ነው። በሺዎች የሚቆጠሩ ሪኢናክተሮች የራሳቸውን ልብስና ጠመንጃ ይዘው መጥተው ተሰለፉበት። ሰልፉን፣ አጎራረሱን፣ የትእዛዝ አቀባበሉን ማንም አላስተማራቸውም፤ ያውቁታል። የጦር ሜዳው ትዕይንት እስከ ዛሬ የሚወራለት በነሱ ነው።

እዚህ ላይ ግን ሐቀኛ ልሁን። የ«ጌቲስበርግ» ሪኢናክተሮችም ተተችተዋል። ብዙዎቹ ጎልማሶች ነበሩ፣ ጥሩ የበሉና ቦርጭ ያላቸው፤ እውነተኛዎቹ ወታደሮች ደግሞ አብዛኞቹ የከሱ ወጣቶች። ስለዚህ «የሚያውቅ ሰው ጥራ» ስል «የሚያውቀው ሰው ሁሉን ያውቃል» ማለቴ አይደለም።

እኛም ዘንድ ይሄው ነው። የካቲት 23 አደባባይ የምንለብሰው ሁሉ የ1888 ልብስ ነው ወይ? አይደለም። ግማሹ የበዓል ልብስ ነው፣ ግማሹ ቲሸርት ነው፣ ጎፈሩ የፍየል ጠጉር ነው። የኛ ፈረስ ጥር 23 ቀን የሚያጌጠው ለበዓል ነው፤ ለወራት የተጓዘ ዘማች ፈረስ እንደዚያ አያምርም። ሽማግሌዎቻችንም የነገሩንን የሰሙት ከአያቶቻቸው ነው፤ ወሬ በመንገድ ላይ ይሰባል። ስለዚህ ከሽማግሌው ጎን መጽሐፉም ይቀመጥ። የጸሐፌ ትእዛዝ ገብረ ሥላሴ ታሪክ አለ። በልጅነታቸው ዓድዋ የዘመቱት የፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም የሕይወት ታሪክ አለ። የጳውሎስ ኞኞ «አጤ ምኒልክ» አለ። የዘመኑ ፎቶግራፎች አሉ። መጽሐፉ ምን እንደሆነ ይነግርሃል፤ ፈረሰኛው እንዴት እንደሆነ ያሳይሃል። ተዋናዩ ሁለቱንም ወስዶ የራሱ ያደርገዋል። ከሦስቱ አንዱ ሲጎድል ነው የሚበላሸው።

አሁን የተለመዱትን መልሶች ልመልስ፤ ኮሜንት ላይ እንዳትደክሙ።

«ፊልም እኮ ነው፣ ዶክመንተሪ አይደለም።» ልክ ነው። ፈጠራ መብታችሁ ነው። ግን መለወጥና አለማወቅ ይለያያሉ። በቅሎ እንደሆነ አውቀህ ለውበት ብለህ ፈረስ ካደረግከው፣ ያ የጥበብ ውሳኔ ነው፤ ልከራከርህ እችላለሁ፣ ግን አከብርሃለሁ። ሳታውቅ ያደረግከውን ደግሞ «ክሪኤቲቪቲ» አትበለው። ተማሪዬ ፈተና ላይ ተሳስቶ «ቲቸር፣ ክሪኤቲቭ ሆኜ ነው» ቢለኝ ስንት ልሰጠው ነው?

«በጀት የለም።» ይሄንን አላቃልልም። የአገራችን ፊልም ሠሪ በስንት መከራ እንደሚሠራ አውቃለሁ። ግን ድሮን ይከራያል። አርቲፊሻል ጢም ይገዛል። ሽማግሌው ያሉት ነገር ደግሞ የሚበዛው ወጪ የሚቀንስ ነው። ጫማ ማውለቅ ስንት ብር ነው? ጎፈሩን ከሃያ ሰው ወደ አንድ ሰው መቀነስ ስንት ያስወጣል? ሸማ ማደግደግስ? የተሰበረ ክንድ ማሳከምና ቀረጻ ማቆም ነው የሚያስወድደው።

«ተመልካቹ አይለይም።» ይሄኛው ነው የሚያቃጥለኝ። የትኛው ተመልካች? እናቴ ትለያለች። እናቴ ቴሌቪዥን ላይ ነጠላ አለባበሱን አይታ «ይቺ ልጅ ምን ሆና ነው?» ብላ ጠይቃኝ ታውቃለች። ገጠሩ ይለያል፣ ፈረሰኛው ይለያል፣ ቄሱ ይለያል። የማይለየው አዲሱ ልጅ ነው። እሱ ደግሞ የማይለየው ካሳየነው ነገር ሌላ ስላላየ ነው። ባለማወቁ ተጠቅመን ከሸወድነው በኋላ «አይለይም» ብለን እንስቅበታለን?

«ሽማግሌ ካሜራ ፊት ያስቸግራል።» አዎ ያስቸግራል። ሁለት ጊዜ ድገም ስትለው «አንዴ አሳየሁህ እኮ» ይልሃል። ለዚህ ነው ተዋናይ የሚያስፈልገው። እኔ ተዋናዩ ይባረርና ፈረሰኛው ይተካ አላልኩም። ፈረሰኛው የተዋናዩ መምህር ይሁን ነው የምለው።

ስለዚህ ጥያቄዬን በግልጽ ላስቀምጥ። ዲፕሎማ ያለኝ የሃይስኩል መምህር ነኝ፣ የፊልም ባለሙያ አይደለሁም። ግን ይህን ለመጠየቅ ዶክትሬት አያስፈልግም።

1. የሚያውቁትን ሰዎች ስክሪፕቱ ሳያልቅ ጥሩ። ካሜራ ከተደቀነ በኋላ ማንም አይሰማቸውም።

2. ተዋንያኑን ከነሱ ጋር አሰንብቱ። «ፕላቱን» (1986 እ.ኤ.አ.) የሚባለውን ፊልም ተዋንያን ዴል ዳይ የሚባል የቀድሞ ወታደር ፊሊፒንስ ጫካ ውስጥ ለሁለት ሳምንት ያህል አሠልጥኗቸዋል። እኛ ሁለት ሳምንት ባይኖረን አምስት ቀን አይጠፋም። ባዶ እግር ይሂዱ፣ መደብ ላይ ይቀመጡ፣ በሶ በጥብጠው ይጠጡ፣ ፈረሱን ይመግቡት። ፈረስ የመገበውን ያውቃል።

3. ለእውቀቱ ክፈሉ። የፈረሱ ኪራይ ለብቻ፣ የፈረሰኛው ደመወዝ ለብቻ፣ የአሠልጣኝነቱ ለብቻ። ስማቸውንም ጻፉ፤ ከምሳው ሆቴል በላይ።

4. ፈረስ ባለበት ቀረጻ ላይ ፈረሰኛው «ቁም!» ሲል ዳይሬክተሩም እንዲቆም በውል ይጻፍ። የሰውም የፈረሱም ነፍስ ነው። ማኅበራቱም ቢሆኑ አባሎቻቸው ያለ ውል እንዳይሄዱ ይያዙ። እኛም «ቴሌቪዥን ልንታይ ነው» ብለን ነው በነጻ የምንሮጠው፤ ጥፋቱ ሙሉ በሙሉ የነሱ አይደለም።

5. ትምህርት ቤቶች (እኔንም ጨምሮ) ሽማግሌዎቹን በስልክ እንቅረጽ። እንዴት እንደሚታጠቁ፣ እንዴት እንደሚጭኑ፣ እንዴት እንደሚፎክሩ። ክበቦቻችን ከዚህ የተሻለ ሥራ የላቸውም።

ለምን ተቻኮልክ ለምትሉኝ፣ ሽማግሌው አሁን ሰማንያን አልፈዋል። ዘንድሮ ጥር 23 ሜዳ አልወጡም፤ ጉልበታቸው አልቻለም። ፈረሱን የልጅ ልጃቸው ነው የጋለበው፤ ያ ልጓሙን የያዘው ልጅ። ጥሩ ይጋልባል። ፉከራው ግን ገና ነው፤ ይጮኻል። «ሰውየውን እየው» የሚለው ሰው አጠገቡ ያለው እስከ መቼ እንደሆነ አላውቅም። የሚቀጥለው ትልቅ ፊልም በጀት ሲያገኝ፣ ዳይሬክተሩም በመጨረሻ በቅሎ ማሳየት ሲፈልግ፣ በቅሎው እንዴት እንደሚጫን የሚነግረው ሰው ላይኖር ይችላል። ያኔ በጀት ቢኖርም ዋጋ የለውም።

አሁን ለተማሪዬ የመለስኩለት። እንዲህ ብዬ ነው የጻፍኩለት፦

«ሂድ። ፊልም መሥራት ነውር አይደለም፣ አንተም ጎበዝ ነህ። ግን ከመፈረምህ በፊት ሦስት ነገር ጠይቅ። አንደኛ፣ ፈረሱን የሚያለማምደን ማነው፣ ስንት ቀን? ሁለተኛ፣ ብወድቅ ማን ያሳክመኛል? ሦስተኛ፣ የምፎክረው ለማን ነው? ሦስተኛውን ሰምተው ከሳቁብህ ተመለስ። ‹ቆይ ቁጭ በል፣ ንገረን› ካሉህ ግን ሽማግሌው ጋ ውሰዳቸው። ቡናውን እኔ አፈላለሁ።»

እስካሁን አልመለሰልኝም። ጠይቆ እንደሆነ እንጃ።

ፊልም ውስጥ ያላችሁ የቀድሞ ተማሪዎቼ ጥቂት አይደላችሁም፤ ካሜራ የምትይዙ፣ የምትተውኑ፣ ኤዲት የምታደርጉ አላችሁ። ይህን የጻፍኩት ልሰድባችሁ አይደለም። በእናንተ ተስፋ ስላለኝ ነው። ከማትስማሙበት ጀምሩና ኮሜንት ላይ ጻፉልኝ፤ ስድብ ግን አጠፋለሁ። በየአካባቢያችሁ እንደኛ ሽማግሌ ያሉ አባትና እናት ካሉ ደግሞ ዛሬውኑ ሄዳችሁ ቁጭ በሉና አንድ ነገር አስተምሩኝ በሏቸው።

ለሚመለከተው እንዲደርስ ሼር አድርጉት። ቸር ሰንብቱ!